ማዳም ዋንዳ ለእማዬ የዘፈነችው

ይድረስ ለምወድህ ወንድሜ ሀብተሥላሴ፣ ኢየሩሳሌም። ናፍቆትህ እንደ ጠና ነው፤ እኛ ግን ተመስገን አለን።

ልብስ የማጥብላት ማዳም ዋንዳ ፖላንዳዊት ናት። በአገሯ በትልቅ ቲያትር ቤት ትዘፍን ነበር፤ ዛሬ ካዛንቺስ ተቀምጣ ጣሊያኖቹ በሚያነሡት ሲኒማ ላይ ትጫወታለች። እግዚአብሔር ያክብርልኝ፣ እማዬ የታመመች ጊዜ ቂርቆስ ድረስ በእግሯ እየመጣች፣ መደቡ ጫፍ ላይ ተቀምጣ በለሆሳስ ትዘፍንላት ነበር። እማዬም፣ «ቋንቋው ባይገባኝም ደረቴን ያሳርፈኛል» ትላት ነበር። ውለታዋን በምን እንደምከፍል አላውቅም።

በቀደም ማዳም፣ «ሲኒማው ላይ አብረሽኝ ውጪ» ብትለኝ፣ ጸጉሬ እስኪያድግ ታገሺኝ አልኳት። ገብቷት እጄን ያዘችኝ።

አንተ ከኢየሩሳሌም ስትመጣ በቀጥታ ወደ ቤት እንዳትገባ። ሰንጋ ተራ አጎታችን ጋሼ ወልደየስ ቤት እደር፤ ሊነጋጋ ሲል ሁላችንም እዚያው እንመጣለን።

እህትህ ጦቢያ