ከዳንቴሉ ስር

ጥቅምት 17፣ እሁድ

ከቅዳሴ መልስ እማዬ ወንበሯን ቡፌው ፊት ስባ ተቀመጠች። ነጠላዋን አስተካከለች። "በይ ክፈቺልኝ።"

ላፕቶፑ የኔ ነው። ግን ቴሌቪዥኑ ጎን ከተቀመጠ ሦስት ዓመት አለፈው፣ የቤት ዕቃ ሆኗል። የእሷን ዋትስአፕ ከስልኳ ጋር አገናኝቼ እዚያ ላይ የከፈትኩላት እኔው ነኝ። በስልክ የሰው ፊት ምስር ነው የሚያክለው ትላለች።

ጋሼ ገብረአብ ከድሬዳዋ። የእማዬ ታላቅ ወንድም። እንደ ልማዳቸው ግንባራቸው ብቻ ታየ።

"ጋሼ፣ ስልኩን ዝቅ ያድርጉት።"

"አሁንስ?"

"አሁን ጣሪያው ነው የሚታየው።"

"እሱንም እዪው ጓለይ፣ ዘንድሮ ነው ያሳደስኩት።"

ጓለይ ይሉኛል፣ ልጄ ማለታቸው ነው። አባዬ ካረፈ ወዲህ እንዲህ የሚሉኝ እሳቸው ብቻ ናቸው።

ሲያበቁ እማዬ ዳንቴሉን አነሳችና ላፕቶፑ ላይ ጣል አደረገችው። አለቀ። ለሷ ጥሪ የሚዘጋው እንዲህ ነው። ቴሌቪዥኑም እንዲህ ነው የሚተኛው፣ አሮጌው ራዲዮም።

"እማዬ፣ ቀዩን ንኪው እንጂ።"

"ሸፍኜዋለሁ እኮ። ማን ያያል?"

ዳንቴሉን ገለጥ አድርጌ እኔ ዘጋሁት። እንደ ሁልጊዜው።

ጥቅምት 19፣ ማክሰኞ

ተስፍሽ ማህተም መቅረጫ ሱቃችን መጣ። ሳምቡሳ ይዞ! ወንድሜ ሳምቡሳ ይዞ የመጣበትን ቀን አላስታውስም። የአባዬን ወንበር አልተቀመጠበትም፣ ባንኮኒው ላይ ተደገፈ። አሮጌዎቹን የነሐስ ማህተሞች እያነሳ እያስቀመጠ ቆየ።

"ስሙ እስካሁን አልዞረም አይደል?" አለኝ።

አልዞረም። የንግድ ፈቃዱም የኪራይ ውሉም አሁንም በአባዬ ስም ነው። በአርባው ቀን ዘመድ ሁሉ በተሰበሰበበት፣ ሱቁ ለዳናይት ይሁን፣ ሥራውን የያዘችው እሷ ናት ተብሎ ነበር። እማዬ ናት ያለችው፣ በራሷ አፍ። ከዚያ ማን ይሯሯጥ? ቢሮ ለቢሮ መዞር ማለት ሱቅ ዘግቶ መዋል ነው።

"ውክልና ስጪኝ፣ እኔ እጨርስልሻለሁ። አንቺ ሥራሽን ሥሪ።"

ደስ አለኝ። እውነቱን ልጻፍ፣ ዓይኔ እንባ አቀረረ። አባዬ ሲታመም የላቦራቶሪ ሥራዬን ትቼ እዚህ ስገባ "ኬሚስትሪ ተምረሽ ጎማ ልትፍቂ?" ብሎ የሳቀብኝ እሱ ነበር። ሰው ይለወጣል ማለት ነው…

ጥቅምት 24፣ እሁድ

እንደሰማሁት ልጻፈው፣ በኋላ ተሳስቼ ነው እንዳልል።

ዛሬ ሱቅ ነበርኩ። ነገ ጠዋት የሚወሰድ የአንድ ክሊኒክ ማህተም ስለነበረ እሁድም ገባሁ። የሳምንቱን ጥሪ እንዳያመልጠኝ በስልኬ ተቀላቀልኩ። እማዬ በላፕቶፑ ከቤት፣ ጋሼ ከድሬዳዋ፣ እኔ ከቸርችል ጎዳና። ጨዋታው ደህና ነበር። ጋሼ ቀድመው ወጡ። እማዬ "በይ ልጄ፣ ምሳሽን ብዪ" አለችና ዳንቴሉን ጣለችው።

እጄ በጎማ ዱቄት ተለውሶ ስለነበር ስልኩን ቶሎ አልዘጋሁትም። ስክሪኑ ላይ የዳንቴሉ አበባዎች፣ በቀዳዳዎቹ መሀል የመስኮቱ ብርሃን። ቆንጆ ነው ብዬ አየሁት። ቆንጆ!

በር ተከፈተ። የተስፍሽ ድምፅ።

"ዳኒ ዘጋች?"

"አዎ፣ ሸፍኜዋለሁ።"

እሱ ገና መግባቱ ነው። ከዳንቴሉ ስር ምን እንዳለ በምን ያውቃል?

"ጋሼን አሳምኜዋለሁ። የፊታችን እሁድ እሱ ነው የሚነግራት፣ ሰኞ ትፈርማለች። እሱ ካላት እምቢ አትልም።"

"ወረቀቱን ብታነበውስ? አባቷ ያሳደጋት ልጅ እኮ ናት።"

"አታነበውም እማ። ታምነኛለች።"

ብርጭቆ ሲቀመጥ ተሰማኝ። ከዚያ እማዬ፦

"ሱቁን ወዲያው አትዘጋውም አይደል?"

"ማህተም በዚህ ዘመን ምን ይሠራል? ከጓደኛዬ ከመድኃኔ ጋር ተነጋግረን ጨርሰናል፣ የስልክ ዕቃ እናስገባለን። ቦታው እኮ ነው ዋናው።"

"እሷስ?"

"ታገባለቻ።"

ዝም ትላለች ብዬ ጠበቅሁ። ወይ "ተው" ትለዋለች ብዬ። አንድ ቃል። "ተው" ስንት ፊደል ነው?

"እሱስ እውነትህን ነው" አለች እናቴ። "ነገ ባል ሲመጣ የአባትህ ሱቅ የባዕድ መሆኑ ነው። ብቻ እኔ አልነግራትም። አፌን አላስገባም።"

ስልኩ ባትሪው አልቆ ጠፋ። እኔ አልዘጋሁትም።

የክሊኒኩን ማህተም ጨረስኩት። እንዴት እንደጨረስኩት አላውቅም። ፊደሉ አልተዛነፈም።

ጥቅምት 25፣ ሰኞ

እማዬ ቁርስ አቀረበች። እንቁላሉ ላይ ቃሪያ ጨመረችልኝ፣ እንደምወደው። በላሁ።

ጥቅምት 27፣ ረቡዕ

ለዐፊፋ ነገርኳት። ጎኔ ያለው የፎቶ ኮፒ ቤት የእሷ ነው፣ ግድግዳችን አንድ ነው። ሰምታ እስክትጨርስ ማሽኗን አላቆመችም።

"ታዲያ አትፈርሚ። ምን ያስለቅስሻል?"

"አላለቀስኩም።"

"እሺ፣ ዓይንሽ ላይ ቶነር ገብቷል።"

ከዚያ ምን እንደምፈልግ ጠየቀችኝ። አለመፈረም ቀላል ነው፣ እሱን አውቃለሁ። ወራሾቹ እማዬ፣ ተስፍሽና እኔ ነን። ያለ ፊርማዬ አንዲት እርምጃ አይሄዱም። ግን ዝም ብዬ ብቀር "ወንድሟን ጠረጠረች" ይባላል። ሰማሁ ብል "ሰላይ" ይሉኛል። ሊያታልሉኝ የተነሱት እነሱ፣ ነውረኛዋ እኔ?

"በራሳቸው አፍ ይናገሩት" አለች ዐፊፋ። "ጋሼሽ ባሉበት።"

ጋሼዬ… ዘንድሮ የታደሰ ጣሪያ። በማን ብር?

ጥቅምት 30፣ ቅዳሜ

ተስፍሽ ሁለቴ ደወለ። "ነገ ቤት ነሽ አይደል? ከቤት ብንሆን ይሻላል።" ነኝ አልኩት። ድምፄ እንዴት እንዲህ ለሰለሰ? ከእነሱ ነው የተማርኩት?

ኅዳር 1፣ እሁድ

እማዬ ወንበሯ ላይ፣ እኔ አጠገቧ፣ ሁለታችንም ፊታችን ወደ ስክሪኑ። ተስፍሽ ከኋላችን ቆሟል። እሁድ እሁድ የሚሄድበትን ኳስ ዛሬ ትቶታል። ወረቀቱ በላስቲክ ተደርጎ ብብቱ ስር።

ጋሼ ገና ሰላምታ ሳይጨርስ ገባበት። (አንቱታው እዚህ ደብተር ላይ ከዛሬ ጀምሮ አልቋል።) "ጓለይ፣ ወንድምሽ ሊያሳርፍሽ ነው። አንቺ ነገ ፊርማሽን ማኖር ብቻ ነው።"

"ወረቀቱ ምን ይላል?" አልኩ።

"የተለመደው ነው፣ ጉዳይ ማስፈጸሚያ" አለ ተስፍሽ። "ጋሼ፣ ይኸው ይዩት።"

ከትከሻዬ በላይ አሳልፎ ካሜራው ፊት ደቀነው። ፊቱ ለድሬዳዋ፣ ጀርባው ለኔ። እኔ የማየው ነጭ ወረቀት ብቻ ነው። እንዲያ ነበር የመሰለው።

ግን ስክሪኑ ጥግ ላይ የራሳችን ምስል አለ። የራስ ምስል ደግሞ እንደ መስተዋት ነው የሚመጣው፣ ጽሑፍ ሁሉ ግራ ቀኙ ተገልብጦ። ለሌላ ሰው የዶሮ ጭረት ነው። እኔ ግን የማህተም ቀራጭ ልጅ ነኝ። ጎማ ላይ ፊደል የሚቀረጸው ተገልብጦ ነው፣ ወረቀት ላይ ሲያርፍ እንዲቃና። አባዬ ከጭኑ ላይ አስቀምጦ መጀመሪያ ያስነበበኝ የተገለበጠውን "ሀ" ነው። ተስፍሽ ያን ጊዜ ውጭ ኳስ ላይ ነበር። ዛሬም ኳስ ላይ በሆነ ይሻለው ነበር።

ምስሉን ነካ አድርጌ አሰፋሁት። አነበብኩ። ጮክ ብዬ፣ ሳልቸኩል።

"'የንግድ ፈቃዱን በስሙ እንዲያዞር… የኪራይ ውሉን እንዲያፈርስ፣ አዲስ እንዲዋዋል… ለሦስተኛ ወገን እንዲያስተላልፍ… ድርሻዬን በሚመለከት እኔን ሳያማክር እንዲወስን ሙሉ ሥልጣን…'"

ወረቀቱን ነጠቀው። "በምን አየሽው?"

"አባዬ ባስተማረኝ።"

"የተለመደ ቃል ነው እኮ፣ ሁሉም ውክልና…"

"እንግዲያው ጋሼ ያንብቡልንና ይንገሩን። የተለመደ ነው?"

ጋሼ ጉሮሮውን ጠረገ። "ሃሎ? ሃሎ… ድምፃችሁ ይቆራረጣል… ኔትወርኩ…"

ከጀርባው ያለው መጋረጃ በንፋስ ይወዛወዛል። ጥርት ብሎ ይታያል።

"ጋሼ፣ መጋረጃው እየተወዛወዘ ነው።"

ጠፋ። ሰባ ዓመት የሞላው ሰው። በሕይወቱ ለመጀመሪያ ጊዜ ጥሪ ቶሎ ዘጋ።

ተስፍሽ ብዙ ተናገረ። ስለ እኔ ዕድሜ፣ ስለ መድኃኔ፣ ስለ ዘመኑ፣ "አንቺ ለቤተሰብ አታስቢም"። ወደ እማዬ ዞርኩ።

"ባለፈው እሁድ አልዘጋሽውም ነበር" አልኳት። "ሁሉንም ሰምቻለሁ።"

ዳንቴሉን አየችው። ጭኗ ላይ አጥፋ ይዛው ነበር፣ ሲያበቃ ልትጥለው። ይቅርታ ትጠይቀኛለች ብዬ… አዎ፣ ጠብቄ ነበር። ሞኝ ነኝ።

"ሰምተሽ ነው ሳምንት ሙሉ ከእጄ የበላሽው?" አለችኝ። "ፈገግ እያልሽ? እንዲህ ያለ ልጅ ነው የወለድኩት?"

ኅዳር 2፣ ሰኞ

አልፈረምኩም። ሱቁን በሰዓቱ ከፈትኩ።

ኅዳር 5፣ ሐሙስ

ቤት ውስጥ ማንም አያናግረኝም። እማዬ ምግብ ታቀርባለች፣ ዞር ትላለች። ዛሬ ጠዋት ለጎረቤት በር ላይ ቆማ "ልጄ ተለውጣብኛለች" ስትል ሰማሁ። ይህንንስ በዳንቴል አልሸፈነችውም።

የዐፊፋ እናት አትክልት ተራ በኩል ባለው ግቢያቸው አንድ ክፍል አላቸው። ሄጄ አየሁት። መስኮቱ ጠባብ ነው። ይበቃል።

ኅዳር 7፣ ቅዳሜ

ወጣሁ። ሁለት ሻንጣ፣ የአባዬ መቅረጫዎች፣ ላፕቶፑ። ከቡፌው ላይ ሳነሳው በስሩ አራት ማዕዘን አቧራ። እማዬ ጓዳ ነበረች። ድስት ታንኳኳለች፣ ባዶ ድስት። "ሄድኩ" አልኩ። ማንኳኳቱን አላቆመችም።

ዋትስአፗን ከላፕቶፑ ላይ አወጣሁት። ጣቴ ትንሽ ቆመ… ከዚያ ነካሁት። የሌላ ሰው ወሬ እንዲመጣብኝ አልፈልግም። አንድ ጊዜ ይበቃኛል።

ተስፍሽ ከበር ላይ፦ "እናትሽን ለሱቅ ስትዪ ተውሻት ይባላል።"

"ይባል። ተገልብጦ የተጻፈ ማንበብ ለምጃለሁ።"

ኅዳር 12፣ ሐሙስ

ኅዳር ሲታጠን ነው ዛሬ። ሰፈሩ ሁሉ ቆሻሻውን አውጥቶ ያቃጥላል፣ አራዳ በጭስ ታፍኗል። ዐፊፋ የተበላሹ ኮፒዎቿን አቅፋ ወጣች። "አንቺስ የምታቃጥዪው የለሽም?" አለችኝ። አሰብኩ። የለኝም። ወረቀቱ እነሱ ጋ ነው፣ ያስቀምጡት።

ከሰዓት በኋላ ወራሾች የሚያመለክቱበት ቢሮ ሄድኩ። በራሴ ስም፣ በራሴ ድርሻ። ተራዬን ጠብቄ ማመልከቻ አስገባሁ። አንዲት ሠራተኛ "ቤተሰብሽ ተስማምቷል?" አለችኝ። "አልተስማማም፣ ለዚያ ነው የመጣሁት" አልኳት። ቀና ብላ አየችኝና ወረቀቴን ተቀበለች። ይረዝማል ብላኛለች። ይርዘም።

ኅዳር 15፣ እሁድ

በተለመደው ሰዓት ስልኬ ጠራ። ቪዲዮ። እማዬ!

ተስፍሽ ላፕቶፕ ገዝቶላታል። ያው ቡፌ ላይ፣ ያው ቦታ። ነጠላዋን አስተካክላለች። ፊቷ ስልኬ ላይ ትንሽ ነው፣ እውነትም ምስር ያክላል። በትልቁ ያየኋት መቼ ነው ለመጨረሻ ጊዜ? በዚያ እሁድ።

"በላሽ?"

"በላሁ።"

"ከስተሻል።"

"ካሜራው ነው።"

"ቤቱ ይበርዳል?"

"አይበርድም።"

ሱቁን አልጠየቀችኝም። ማመልከቻውን ሰምታለች፣ ከዓይኗ ያስታውቃል። እኔም አላነሳሁትም። "ናፍቀሽኛል" ብትል ምን እላት ነበር? አላለችም። እኔም አላልኩም። ሁለታችንም ግትር ነን፣ ይህንን ከማን ወረስኩት ሊባል ነው?

"በይ ልጄ…" አለች።

እጇ ወደ ዳንቴሉ ሲሄድ ለማየት ጠበቅሁ። ዳንቴሉ አልነበረም። ቡፌው ባዶ ነው። ወደ ስክሪኑ ጎንበስ አለች፣ ዓይኗን አጠበበች፣ ወደ ጎን ዞር ብላ ለማላየው ሰው፦

"ቀዩን ነው አይደል?"

"አዎ እማ። ቀዩን።"

ነካችው። ጠፋች።

ሦስት ዓመት ለመንኳት። "እማዬ፣ ቀዩን ንኪው።" እኔ ስለምናት እምቢ ያለችውን በአንድ ሳምንት ተማረች።

ከዘጋች በኋላ ምን እንደተባባሉ አላውቅም።

ነገ ሰኞ ነው። አራት ማህተም አለብኝ፣ አንዱ ክብ፣ ሦስቱ አራት ማዕዘን። ሱቁን የምከፍተው እኔ ነኝ።