ሀዋ ያስቆጠረችበት ሰሞን

ሰኞ፣ ኅዳር 8

ዘንጉን ለሀዋ ሰጠኋት። ከዛሬ ጀምሮ ፊደል የምታስቆጥረው እሷ ናት ስል ክፍሉ ጸጥ አለ። ጸጥታውን እንደ አክብሮት ቆጠርኩት። ሞኝ!

ደንቡ የራሴ ነው። ገበታውን ቀድሞ የጨረሰ ዘንግ ይይዛል፣ ሌላው ተከትሎት ይጮኻል። ሀዋ ገበታውን ብቻ ሳይሆን ግድግዳው ላይ የተለጠፈውን አሮጌ ጋዜጣ ሁሉ አንብባ ጨርሳለች። እናቷ ዘይነባ ሰኞ ገበያ ጀበናና ድስት ትሸጣለች፤ የምትሸጠውንም ራሷ ትሠራለች። ሸክላ ሠሪዎች ናቸው እንግዲህ። ሸክላ ሠሪ ደግሞ ዓይኑ ሰው ይበላል፣ ቡዳ ነው ይባላል። ለዚህ ነው አግዳሚው ላይ ከሀዋ ጎን ሁልጊዜ የአንድ ልጅ ቦታ ባዶ የሚሆነው። ሌሎቹ እርስ በርስ ተጣበው ይቀመጣሉ። እነሱስ እነማን ሆነው ነው? የተሸካሚ ልጅ፣ ሊስትሮ፣ ፕላስቲክ ለቃሚ። ትምህርት ቤት ያልደረሰላቸው ናቸው ብዬ ነው ጡረታ ከወጣሁ በኋላ የሰበሰብኳቸው። የሚንቁት ሲያገኙ ግን ደስታቸውን አትጠይቁኝ።

ጀማል የፊተኛው አግዳሚ ላይ ተቀምጦ ሲያንጎላጅ በዘንጉ ጫፍ ትከሻውን ነካ አደረገችው። "ዓይንህን ግለጥ" አለችው፣ ልክ እንደ እኔ ኮስተር ብላ። ሳቄን ዋጥኩት።

የሚመጣው ሰኞ የመንግሥት ትምህርት ቤቱ ርዕሰ መምህር ሊያዳምጣት ይመጣል። አንድ ገጽ ሳትደናቀፍ ካነበበች ሁለተኛ ክፍል ያስገባታል፤ አፉን ሞልቶ ነግሮኛል። ከዚህ ክፍል የመጀመሪያዋ ትሆናለች።

ጠመኔ አልቋል። የበሩ ማጠፊያ ወልቋል። ጉልበቴም ያው ነው።

ማክሰኞ፣ ኅዳር 9

ጀማል አልመጣም። ትኩሳት፣ ብርድ ብርድ ማለት፣ ትውከት። እናቱ ሰዓዳ የሽንኩርት ሚዛኗን ጥላ እየሮጠች መጣች።

"ትናንት ልጄን በዱላ የነካችው ማን ናት?"

ከሁለት ሳምንት በፊት የት ነበር ብዬ ጠየቅኳት። ኮምቦልቻ፣ አባቱ ዘንድ። በዚህ ወር ኮምቦልቻ ወባ ነው፣ ቶሎ አስመርምሪው አልኳት።

"ኧረ በአላህ እትዬ! ኮምቦልቻ ሲመላለስ ያደገ ልጅ ነው። ወላሂ ዓይኗን ጥላበት ነው። እርስዎ ነዎት በትር ያስያዟት!"

ጤና ጣቢያ እንደምትወስደው አስምዬ ለቀቅኳት። ሀዋ በር ላይ ቆማ ሁሉንም ሰምታለች። ገባች፣ ዘንጉን አነሳችና ማስቆጠር ጀመረች። የተከተላት የለም። ብቻዋን እስከ "ፐ" ዘለቀች።

ከክፍሉ ግማሹ ከሰዓት በኋላ አልተመለሰም።

ረቡዕ፣ ኅዳር 10

የሀዋን ሻርፕ ቆረጡት። ከኋላ፣ ዳሩን፣ መዳፍ የሚያህል። ጀማል እንዲታጠንበት ነው። ቡዳ የበላው ሰው በቡዳው ልብስ ጭስ ሲታጠን ይለቀዋል አሉ። የቆረጡበት ምላጭ ደግሞ እርሳስ ቅረጹበት ብዬ እኔው የሰጠኋቸው ነው።

"ማን ነው?" አልኩ። ሁሉንም አንበረከክኳቸው። ተንበርክከው ሳለ የሚስቁ ነበሩ። ያን ጊዜ ጠላኋቸው፤ እውነቴን ነው፣ አንድ በአንድ ጠላኋቸው።

ሀዋ የተቆረጠውን ወደ ውስጥ አጥፋ ለበሰችው። "አርጅቶ ነው የተቀደደው ቲቸር፣ ያስነሷቸው" አለችኝ።

ማታ ሰዓዳ ቤት ሄድኩ። መርምረውታል፤ ወባ ነው፣ ክኒን ሰጥተውታል። ክኒኑ ትራሱ አጠገብ አለ። ከሥሩ ደግሞ የተቃጠለ ጨርቅ የሚሸት ገል ተቀምጧል። ሁለቱንም ነው የያዘችው።

ዓርብ፣ ኅዳር 12

ዛሬ የሠራሁትን ልጻፈው።

ሐጂ ጠዋት አስጠሩኝ። ክፍሉን ያለ ኪራይ የሰጡን እሳቸው ናቸው። ሴቶቹ ተሰብስበው ደጃቸው ላይ አልቅሰውባቸዋል።

"በላይነሽ፣ እኔ ይህን ነገር አላምንበትም። ግን ልጁ አንድ ነገር ቢሆን ከሰፈሩ ጋር ምን ሆኜ እኖራለሁ? ልጅቷ እንትፍ ትበልበትና ይለቀው። ከዚያ አብሽሪ፣ ሥራሽን ሥሪ። አለዚያ ቤቴን እዘጋለሁ።"

ተከራከርኩ። ቁልፉን ከኪሳቸው አውጥተው ጉልበታቸው ላይ አስቀመጡት።

አሰብኩ። ክኒኑን ከጀመረ ሰንብቷል፤ ተፋችበትም አልተፋችበትም መዳኑ አይቀርም። ትንሽ ምራቅ ናት። ክፍሉ ይተርፋል፣ ሀዋም ሰኞ ታነባለች። ብልህ ነኝ አልኩ! ዘይነባ ሸክላ አፈር ልታመጣ ደሴ ዙሪያ ወጥታ ነበር። ሳልጠይቃት ልጇን ወሰድኩ።

መንገድ ላይ ሀዋ "እኔ ነኝ እንዴ ቲቸር?" አለችኝ።

"ኧረ አይደለሽም።"

"ታዲያ ለምንድን ነው የምተፋበት?"

"ዝም እንዲሉ ነው። ለኔ ስትይ።"

ለኔ ስትይ አልኳት።

ቤቱ በሴት ተሞልቷል። ስትገባ ልጆቻቸውን በቀሚሳቸው ጋረዱ። ጀማል ዓይኑን ወደ ላይ ሰቅሎ ተኝቷል። ተፊ ተባለች። አፏ ደርቆ ምራቅ አጣች። ከንፈሯን ታንቀሳቅሳለች፣ ምንም የለም። አንዷ "አላየሽም? እምቢ አለ፣ አለቅም እያለ ነው" አለች። ሌላዋ በቆርቆሮ ውኃ አምጥታ ከሩቅ አስቀመጠችላት፤ የሀዋ እጅ እንዳይነካት። ሀዋ ተጉመጠመጠችና ልጁ ደረት ላይ እንትፍ አለች። ሴቶቹ በአንድ አፍ "አልሐምዱሊላህ!" አሉ። ቆርቆሮውን ወዲያው ውጭ ወርውረው ጣሉት።

ስንመለስ እጇን ልይዝ ስል ሸሸገችው።

እሑድ፣ ኅዳር 14

ጀማል ተነሳ። ሽሮ በላ፣ ሌላም ጠየቀ። ሰዓዳ ደጄ ድረስ መጥታ "አውፍ በሉኝ እትዬ፣ ክፉ ተናግሬዎት ነበር" አለችኝ። ክኒኑ ነው ያዳነው አልኳት።

"እሱንማ ከረቡዕ ጀምሮ ሲውጥ አልነበር? የተነሳው እኮ ከተፋችበት ወዲህ ነው። እርስዎም አይተዋል፣ አስተማሪዋ ራሳቸው ይዘዋት መጡ ብዬ ለሁሉም ተናግሬያለሁ።"

አዎ፣ ራሴ ይዣት ሄጃለሁ። እስካሁን ሐሜት ነበር፤ አሁን በአስተማሪዋ የተመሰከረ ሆነ። ልጆቹ ውኃ መቅጃው አካባቢ አዲስ ጨዋታ ፈጥረዋል። አንዱ ወድቆ ይንፈራገጣል፣ አንዷ ሀዋን ሆና ትተፋበታለች፣ እሱም ብድግ ይላል። ድንጋይ አንስቼ አባረርኳቸው። እየሳቁ ሮጡ።

ሰኞ፣ ኅዳር 15

ሁሉም መጡ። ጀማል ከስቶ ፊት ተቀምጧል። "ቲቸር፣ ዘንጉን ለኔ ይስጡኝ" አለ። ርዕሰ መምህሩ በሰዓቱ ደረሰ። ሀዋ የለችም። ትንሽ ይጠብቁኝ ብዬው ወደ ገበያው ወረድኩ።

ገበያው በሰው ታጭቋል፤ ዘይነባ ዘንድ ግን የሚገዛ አልነበረም። ቆም ብለው አይተው ያልፋሉ። ጀበናዎቿን እያስተካከለች፣ ቀና ሳትል "እኛን ሲሉን ኖረዋል፣ ለምደነዋል" አለች። "ለልጄ ግን አልነገርኳትም ነበር። እርስዎ ነገሩልኝ።"

ሀዋ ከድስቶቹ ጀርባ ተቀምጣለች። ሻርፗን ከግንባሯ እስከ አፍንጫዋ ስባ ዓይኗን ሸፍናለች። አጠገቧ ተንበረከክኩ።

"ነይ፣ ርዕሰ መምህሩ እየጠበቀሽ ነው።"

"ጀማል ዳነ?"

"ዳነ። በመድኃኒት ነው የዳነው፣ ሀዋዬ።"

"እኔ ስተፋበት ነው የለቀቀው። ሁሉም አዩ። ቲቸር፣ ዘንጉን ስይዝ እኮ ጀማልን ትክ ብዬ አይቼዋለሁ።"

እንደዚያ አይደለም አልኳት። ማልኩላት። እኔ ያልኩት ሁሉ አለፋት፤ ዓርብ ዕለት ያደረግኩትን ብቻ ነው የምታስታውሰው። ልጅቷ አምናለች። ያሳመንኳት እኔ ነኝ።

ሻርፑን ከፊቷ ልገልጥ እጄን ሰደድኩ። በሁለት እጇ አጥብቃ ያዘችው።

"ተዪው፣ አንቺንም አይሻለሁ" አለችኝ። አንቺ ብላኝ አታውቅም። ከጨርቁ ሥር፣ ቀስ ብላ ጠየቀችኝ።

"ዓይኔን ጨፍኜ ብማርስ?"

ብቻዬን ስመለስ ርዕሰ መምህሩ ሄዷል። ዘንጉን ለማንም አልሰጠሁም።