ዘቢብ የገባበት ቲማቲም

ውድ እህቴ ፎቲኒ፣

ይህ ወረቀት ሜልቦርን ሲደርስ ከነልጆችሽ በጤና ያግኝሽ። እኛ እዚህ ደሴታችን ሌስቮስ፣ ሙቀቱ ቢያነድደንም፣ እመቤታችን ትመስገን ደህና ነን።

ማክሰኞ ዕለት የቲማቲሙንና የቃሪያውን ልብ አውጥቼ፣ ልክ እንደ እማማ በሩዝ፣ በናናና በሽንኩርት ሞልቼ ጋገርኩ። ስትራቶስ ሁለቴ ጎረሰና ሹካውን አስቀመጠ።

«ምነው ዘቢብ ብታደርጊበት?» አለኝ።

ባሌን ታውቂዋለሽ፤ ከዳቦ ውስጥ እንኳ ዘቢብ እየለቀመ የሚጥል ሰው ነው።

«ደግሞ ዘቢብ መብላት የት ለመድክ?»

«ኧረ ዝም ብዬ ነው አሲሚና! ሰው ሲያወራ ሰምቼ ነው።» ጆሮው ቀላ።

እኔም እሁድ ዘቢብ ጨምሬ ሠራሁለት፤ ትሪውን ሊጠርገው ምንም አልቀረው። ከተረፈው ላይ በሳህን አድርጌ ለፖሊክሴኒ ወሰድኩላት፤ ከወደቡ በላይ ለምትኖረው፣ ባሏ ለሞተባት ልብስ ሰፊ። በመንደራችን እንዲህ ያለ ምግብ ላይ ዘቢብ የምታደርገው እሷ ብቻ ናት። ጎረቤት አይደለች እንዴ፣ ታጣጥመው ብዬ ነው።

በሩን ሳንኳኳ ከውስጥ፣ «ክፍት ነው እኮ ስትራቶስ፣ ግባ!» አለች።

ወጥታ ስታየኝ ፊቷ አመድ መሰለ። «ውይ፣ አሲሚና! ምነው በዚህ ፀሐይ?»

«ቲማቲም አመጣሁልሽ» አልኳትና ሳህኑን ሰጥቻት ተመለስኩ። ቅመሙን ወደደችው አልወደደችው አልጠየቅኳትም።

እናንተ ጋ አሁን ብርድ ነው አይደል? ወፍራም ካፖርት ያስፈልጋል? ትርፍ አልጋ ካለሽም ጻፊልኝ።

ልጆቹን በየተራ ሳሚልኝ። ስትራቶስም ሰላም ይልሽ ነበር፤ አሁን ግን ቤት የለም።

እህትሽ አሲሚና