በወረንጦዋ ሴት ፈንታ

ጥቅምት 6
ዳይሬክተሩ ውበቱ ከደሴ ደወለ። ሰባተኛው የጤና ትምህርት ፊልሜ ሊሆን ነው። እስካሁን በወባ ሞቻለሁ፣ በቲቢ ሞቻለሁ፣ በወሊድ ለጥቂት ተርፌያለሁ... ሥራዬን እችልበታለሁ። የአሁኗ ሴት የዓይኗ ፀጉር ወደ ውስጥ ታጥፎ እየወጋት፣ ኦፕራሲዮን ፈርታ በወረንጦ ስትነቅል የምትኖር ናት።
እማዬ ናት እኮ። አራት ዓመት ታከሚ ብዬ ለምኜ እምቢ ያለችኝ።
ለእሷ ምን ብዬ ልንገራት?

ጥቅምት 9
አምባሰል ወጥተን ቀረጽን። ዓይኔን ይዤ ጮህኩ፣ ተንከባለልኩ። ውበቱ «በጣም ጥሩ» አለኝ። ቤት ስገባ እማዬ ደጅ ላይ ናት። ሻሿን ግንባሯ ላይ ስባ፣ አንገቷን ደፍታ፣ ዝም። እሷ ጮሃ ታውቃለች? አንድም ቀን።

ጥቅምት 10
ውበቱን «እንደገና እንቅረጸው፣ ሳልጮህ» አልኩት።
«ካልጮህሽ መታመምሽን ማን ያውቃል?»
«ያመማት ሁሉ።»
ፊቱ ባይፈታም ፈቀደ። በአንድ ጊዜ አለቀ። እንደዛሬ ሠርቼ አላውቅም።

ኅዳር 3
ፊልሙ ሐይቅ ከተማ፣ በቀበሌው አዳራሽ ታየ። እማዬን ይዣት ሄድኩ። ስንወጣ «እኔን ነው የሠራሽው» አለችኝ።
«አዎ... አፉ በይኝ እማ።»
«ደብቄሽ የኖርኩ ይመስለኝ ነበር።»
 አስፋልቱን ከተሻገርን በኋላ፣ «ፊልሙ ላይ የተባለው ሐኪም መቼ ነው የሚመጣ?» አለች።
እኔ የተለማመድኩት ንግግር ሁሉ ጠፋኝ። «ማክሰኞ» አልኩ።

ኅዳር 9
ውበቱ ኦፕራሲዮኑን ልቅረጽ ብሎ መጣ። አይሆንም አልኩት፤ የእናቴ ዓይን ፊልም አይደለም። ከዚህ በኋላ ሥራ ባይሰጠኝም አይስጠኝ። እማዬ ሰማችን።
«ይቅረጽ። ልጄ አስመስላ ሠራች፤ እኔ እውነቱን ባሳይ ምን ነውር አለው?» አለችው። ወደ እኔ ዞር ብላ፣ «አንቺ ግን ውጭ ጠብቂ። ታለቅሻለሽ።»
አለቀስኩ። ማንም ሳይቀርጸኝ... ብዙ።

ኅዳር 19
የስፌቱ ክር ከወጣላት ሦስት ቀን ሆነ። አልሃምዱሊላህ፣ መውጋቱ ቆሟል። እማዬ የተቀረጸችበትም በዚያው አዳራሽ ታይቷል፤ ውበቱ ደግሞ ለሌላ ፊልም ደውሏል። «መጀመሪያ የታመሙትን ሴቶች አገናኘኝ፤ ድርሰቱ ከዚያ ይጻፍ» አልኩት። እሺ አለ።
ገበያ ውስጥ ሁለት ሴቶች እየተጠቋቆሙ ወደ እኛ መጡ። የለመድኩት ነገር ነው... ሻሼን አስተካክዬ ፈገግ አልኩ። አልፈውኝ እማዬን ያዟት።
«እናታችን፣ ኦፕራሲዮኑ ያማል?»
እሷ ስታስረዳቸው ዘንቢሉን ይዤ ቆምኩ። አልቸኮለችም።