ፍሪጁ የቆመበት ጥግ

ለተከበሩ አቶ አምሐ፤
የቀበሌያችን የነፃ ጤና መድኅን ተጠቃሚዎች ልየታ ኮሚቴ ሰብሳቢ፤
በክብር ወንበርዎ ላይ እንደተቀመጡ ይድረስዎ።

ጉዳዩ፦ ስለሌለ ፍሪጅ ምስጋና ስለማቅረብ።

ጤናዎ የተሟላ፣ እንቅልፍዎ የሰመረ፣ የማኅተምዎም ቀለም የማይደርቅ እንዲሆን ከልብ እየተመኘሁ፣ አስቀድሜ ማንነቴን ላስታውቅ። ከአጤ ፋሲል ወዲህ በጎንደር ከተማ እንደ እኔ፣ እንደ ምንይችል አላምረው፣ ብዙ ቤት ያሳመረ ሰው አልተነሣም። እርግጥ ነው፣ ያሳመርሁት በስልክ ነው። ቤቶቹም ሦስት ናቸው፤ አንደኛው የራሴ ስለሆነ አይቆጠርም የሚል ምቀኛ ካለ ሁለት ይሁኑ። ቢሆንም አጤ ፋሲል ግንበኛና ኖራ አስፈልጓቸዋል፤ እኔን ያስፈለገኝ ቻርጅ ብቻ ነው።

ይህን ደብዳቤ የምጽፍልዎ ቁስቋም፣ ከእማሆይ ወለተሩፋኤል ደጃፍ ተቀምጬ ነው። እማሆይ የመሪጌታ ህሩይ ባለቤት የነበሩ፣ መሪጌታ ካረፉ ወዲህ ቆብ ደፍተው የሚኖሩ ናቸው፤ ስማቸውን በቀይ እስክሪብቶ የሰረዙት እርስዎ ስለሆኑ ከእኔ ይልቅ እርስዎ ያውቋቸዋል። አሁንም ከጎኔ በርጩማቸው ላይ ሆነው መቁጠሪያቸውን እየቆጠሩ፣ «ለአቶ አምሐ ሰላምታዬን ጻፍልኝ፤ ደማቸውን ከስኳር፣ ቤታቸውን ደግሞ ከአንተ ፎቶ ይጠብቅልኝ በላቸው» ይሉኛል። ምርቃቱን ሳላጓድል አድርሻለሁ።

ወደ ምስጋናዬ ልግባ።

አንደኛ፣ ሙያዬን ስላደነቁልኝ አመሰግናለሁ። እኔ የቤት ደላላ ነኝ፤ እስከ ቅርብ ጊዜ ድረስ ቁልፍ እንጂ እስክሪብቶ በእጄ ይዤ የማላውቅ፣ ስሜን በአውራ ጣቴ የምፈርም ሰው ነበርሁ። ዛሬ ግን መምህርት ትዕግስት ዕድሜ ይስጣትና፣ ከማታ ትምህርት ክፍላችን አንደኛ የወጣሁ ሰው ነኝ፤ በፈተናው ዕለት አብዛኛው ተማሪ ለቅሶ ሄዶ እንደነበር ሌላ ሰው ሳይነግርዎ እኔው ልንገርዎ። ማንበብ ስችል የማላነበው ነገር ጠፋ። የሱቅ ስም፣ የማኪና ጀርባ፣ የሲሚንቶ ከረጢት፣ ሁሉንም ድምፄን ከፍ አድርጌ ሳነብ ሰፈሩ ሬዲዮ የገዛሁ መስሎት ነበር።

እንዲህ እያነበብሁ ፒያሳ ስደርስ፣ ፍቅርተማርያም የምትባል ባለ ፎቶ ቤት በበሯ ላይ የለጠፈችውን ማስታወቂያ አየሁ። ባዶ ቤትን ፎቶ አንሥቶ፣ ስልኩ ላይ ዕቃ እያስገቡ አሳምሮ ለተከራይ ማሳየትን አስተምራለሁ ትላለች። የትምህርቱን ስም እንዲህ ብዬ አነበብሁት፦ «ምናባቱ የቤት ዝግጅት»። ምናባቱ ከሆነማ ይህ የእኔ ሙያ ነው ብዬ ገባሁ። ፍቅርተማርያም ጠረጴዛዋን ተደግፋ ስትስቅ ቆይታ፣ «አያ ምንይችል፣ ምናባዊ ነው እንጂ ምናባቱ አይደለም፤ በሐሳብ ያለ፣ በእጅ የማይጨበጥ ማለት ነው» አለችኝ። እኔም ለክብሬ ስል ሁለቱ ቃላት የአንድ እናት ልጆች ናቸው ብዬ ተከራከርኋት። በኋላ እንዳየሁት ብዙም አልተሳሳትሁ።

ትምህርቱ ለጀማሪ ከባድ ነው። ከክፍሉ ጥግ ቆሞ፣ ስልኩን በደረት ልክ ይዞ፣ ባዶውን ክፍል ማንሣት ነው፤ ከዚያ ስልኩ ውስጥ ካለው መጋዘን ሶፋውን፣ ምንጣፉን፣ መጋረጃውን እየጎተቱ ማስገባት ነው። የመጀመሪያው ሶፋዬ መሬት አልነካም ብሎ እንደ ዕርገት ተንሳፈፈ። ሁለተኛው መሬት ነካ፤ በሩን ግን ዘጋው። «ተከራዩ በየት ይግባ፣ አያ?» ብትለኝ «ቀብድ ከከፈለ በመስኮትም ይግባ» አልኋት። ምንጣፌ ግድግዳ ላይ ወጣ፤ ቴሌቪዥኔ ከጣራው በለጠ። ትልቁ ትምህርት ግን ጥላ ነው። ጥላ የሌለው ዕቃ ውሸት መሆኑን ዓይን ወዲያው ይነቃበታል አለችኝ፤ ስለዚህ ብርሃኑ በየት በኩል እንደሚገባ እያየሁ ጥላውን ከወዲያ ማዶ መጣል ተማርሁ። የመጨረሻው ሕግ ደግሞ ይህ ነው፦ ዕቃ የተጨመረበት ፎቶ ሁሉ ጥጉ ላይ «ምናባዊ» የሚል ቃል ይጻፍበታል፤ ያልተጻፈበት እንደሆነ ማታለል ነው። ይህን ሕግ በኋላ እንመለስበታለን።

ሁለተኛ፣ ፍሪጄን ስላመኑልኝ አመሰግናለሁ። እማሆይ የዕለት ጉርሳቸውን ይሸፍንላቸው ዘንድ መሪጌታ ያርፉበት የነበረውን ክፍል ለማከራየት አሰቡ። የመሪጌታ መጻሕፍትና መቋሚያ ለደብሩ ተሰጥተዋል፤ አልጋው ለተዝካር ተሸጧል፤ ክፍሉ ባዶ ነበር። ባዶ ስልዎ ግን ጥጉ ላይ አንድ ማሰሮ ነበረ። ማሰሮው ውስጥ እርጥብ አሸዋ፣ አሸዋው ውስጥ የእማሆይ የስኳር መርፌ መድኃኒት። ፍሪጅ የሌለው ሰው መድኃኒቱን እንዲህ አድርጎ ያቀዘቅዛል ብላ ያሳየቻቸው የጤና ጣቢያዋ ነርስ ናት። ያ ክፍል ፀሐይ አይገባበትምና ጥጉ ሁልጊዜ ብርድ ነው። እማሆይ ጠዋት ጠዋት ከኪዳን ሲመለሱ አሸዋውን ውሃ ያርከፈክፉበታል፤ ምን እያደረጉ ነው ሲሏቸው «አትክልቴን እያጠጣሁ» ይላሉ።

ማሰሮ ለፎቶ አያምርም። ስልኩ ማጥፊያ አለው፤ በጣቴ ጠረግ አደረግሁት፤ ጠፋ። ማሰሮው ሲጠፋ ደግሞ ጥጉ ጎደሎ መሰለኝና ነጭ፣ ባለ ሁለት በር ፍሪጅ አቆምሁበት። ጥላውንም አልረሳሁ፤ እንዲያ ያለ ሸጋ ጥላ ፍቅርተማርያም ራሷም ጥላ አታውቅም። ሶፋና ቴሌቪዥን ጨመርሁ፤ ከታች ጥጉ ላይ በገዛ እጄ «ምናባዊ» ብዬ ጻፍሁ። ለሕዝብ የጻፍሁት የመጀመሪያ ቃሌ ስለሆነ ከፍሪጁ ይልቅ እሱን ደጋግሜ አየሁት። ከዚያም ቤት በሚከራይበት የቴሌግራም ገጽ ላይ ለጠፍሁ።

አንድ የባንክ ሠራተኛ ፎቶውን አይቶ መጣ። ክፍሉን ዞር ዞር ብሎ ካየ በኋላ «ሶፋውስ?» አለ። ምናባዊ ነው አልሁት። «ፍሪጁስ?» አለ። እሱም ምናባዊ ነው አልሁት። «እንግዲያው ፎቶውን አከራየኝ» ብሎኝ ሄደ። ይህ ሰው በሩን ከፍቶ በመግባት ብቻ የደረሰበትን ነገር፣ የእርስዎ ኮሚቴ ያንኑ ፎቶ ከቴሌግራም አውርዶ፣ በሩን ሳይከፍት፣ ከወንበሩም ሳይነሣ፣ ገልብጦ ደረሰበት።

ሦስተኛ፣ ደብዳቤ ስለጻፉልን አመሰግናለሁ። በሕይወቴ ያለማንም ርዳታ ከዳር እስከ ዳር ያነበብሁት የመጀመሪያው የመንግሥት ደብዳቤ የእርስዎ ነው። እማሆይ ዓይናቸው ስለደከመ፣ «አንተ ተምረህ የለ፣ እስቲ አንብብልኝ» ብለው ሰጡኝ። ጉሮሮዬን ጠርጌ ጀመርሁ። «ሶፋ፣ ቴሌቪዥንና ባለ ሁለት በር ፍሪጅ ያላቸው መሆኑ በፎቶግራፍ ማስረጃ ስለተረጋገጠ፣ መክፈል ከማይችሉ ተጠቃሚዎች ዝርዝር የተሰረዙ መሆኑን እናስታውቃለን» ይላል። አንድም ፊደል አላደናቀፈኝም። እማሆይ «ሸጋ አነበብህ» አሉኝ። ደብዳቤውን ተቀብለው እያጣጠፉ ደግሞ «ፍሪጁ የማን ነው?» አሉ።

ጥያቄውን ለእርስዎ አስተላልፌአለሁ። መልሱን ካገኙ ይጻፉልኝ፤ አሁን ማንበብ እችላለሁ።

አራተኛ፣ ከሥራዎ ብዛት ቀንሰው ስላነጋገሩኝ አመሰግናለሁ። ቢሮዎ መጥቼ ፎቶው ላይ የተጻፈውን ቃል ይመልከቱልኝ ብል፣ ፋይሉን አስመጥተው ገለጡልኝ። ፎቶው የታተመበት ወረቀት ፋይል ውስጥ እንዲገባ በመብሻ ተበስቷል፤ ቀዳዳው ያረፈው በትክክል በቃሌ ላይ ነው። ከ«ምናባዊ» የተረፈችው «ም» ብቻ ናት። «የቱ ቃል?» አሉኝ። እኔም ከንዴት ይሁን ከድፍረት ድምፄን ከፍ አድርጌ፣ ፍሪጁን በጣቴ እያሳየሁ «ምናባዊ!» አልሁ። በማታ ትምህርት የተማርሁት እኔ ቃሉን በትክክል ስናገር፣ በቀን የተማሩት እርስዎ እኔ መጀመሪያ እንደ አነበብሁት አድርገው ሰሙት። «የመንግሥት ቢሮ ውስጥ ምናባቱ ይባላል?» ብለው ጥበቃውን ጠሩ። ጥበቃው አያ ማሩ የማታ ትምህርት ጓደኛዬ ነው፤ ክንዴን ይዞ ወደ በሩ እየመራኝ «ፊደል ስትቆጥር ስድቡንም አብረህ ቆጠርህ?» አለኝ። ፍቅርተማርያም ይህን ስነግራት እንደ በፊቱ አልሳቀችም።

ከመውጣቴ በፊት፣ ቤቱ ቅርብ ነውና ይምጡና ፍሪጁን እርስዎው ይክፈቱት ብዬ ለምኜዎ ነበር። «ኮሚቴው በማስረጃ እንጂ በጉብኝት አይሠራም» አሉኝ። አሠራሩን አከብራለሁ። ቢሆንም ክቡርነትዎ ከቢሮዎ መስኮት ላይ ሆነው ቢያስነጥሱ እማሆይ ከደጃፋቸው «ይማርዎ» የሚሉበት ርቀት ነው።

አምስተኛ፣ ይህን ምስጋና እንዴት እንደምጽፈው አላውቅም፤ መምህርት ትዕግስት እዚህ አልደረሰችም። እማሆይ ጤና ጣቢያ ሄደው ካርድዎ አይሠራም ተባሉ። የሰፈሩ ሰው ያቅሙን አዋጣ። ከሁሉ የበለጠ ያዋጣሁት እኔ ነኝ ብዬ ልጽፍ ነበር፤ ከሁሉ የበለጠችው ጠላ ሻጯ አባይነሽ ናት። ያቅም ነገር ግን ያልቃል። እማሆይ አንድም ሰው ሳይነግሩ መርፌውን ማሳሳት ጀመሩ፤ ዛሬ ወስደው ነገ ይዘላሉ። አባይነሽ ደርሳባቸው ብትቆጣቸው፣ «እኔ ስጾም መድኃኒቱም ይጹም እንጂ፤ ምነው፣ እሱ ክርስቲያን አይደለም?» አሏት። ሳቅን። ክቡርነትዎ፣ በእውነት ሳቅን። ቀልድ የእኔ ሙያ ስለሆነ፣ ሰው የሚቀልደው መቼ እንደሆነ ማወቅ ነበረብኝ።

እንግዲህ ልመናዬ ቀላል ነው። ከዚህ ደብዳቤ ጋር ሁለት ፎቶ አያይዣለሁ፤ በአንዱ ጥግ ፍሪጅ ቆሟል፣ በሌላው ጥግ ማሰሮ ተቀምጧል። ኮሚቴዎ አንድ ጊዜ ከወንበሩ ተነሥቶ ይምጣና በእጁ የሚከፈተው የትኛው እንደሆነ ይሞክር። ማሰሮውን ያጠፋሁት እኔ ነኝ፤ ከዚህ አልሸሽም። ስማቸውን ያጠፉት ግን እርስዎ ነዎት። ልዩነታችን አንድ ነው። በእኔ ስልክ ላይ ወደ ኋላ የምትመለከት ትንሽ ቀስት አለች፤ ነካ ሲያደርጓት የጠፋው ነገር ተመልሶ በቦታው ይቀመጣል። ማሰሮውን የመለስሁት በእሷ ነው። ቀይ እስክሪብቶዎ እንዲህ ያለ ነገር እንዳለው ጠይቄ አላገኘሁም።

ወንበርዎ እንዲመችዎ፣ ጀርባዎን እንዳይቆረቁርዎ፣ የቤትዎም ፍሪጅ በክረምት በበጋ እንዲቀዘቅዝልዎ፣ በውስጡም መድኃኒት የማይቀመጥበት እንዲሆን እየጸለይሁ፣ ከወገቤ ጎንበስ ብዬ፣ ባርኔጣዬን በእጄ ይዤ፣ ለጊዜው እሰናበትዎታለሁ።

የክቡርነትዎ ታዛዥና አንባቢ፣
ምንይችል አላምረው
የቤት ደላላ፣ የማታ ተማሪ፣ የጥላ ባለሙያ
(ፊርማዬ ነው፤ አውራ ጣቴ አይደለም)

ድኅረ ጽሑፍ፦ ከላይ የጻፍሁት ሁሉ እውነት ነው፤ አንዲት ነገር ብቻ ከራሴ ጨምሬአለሁ። እማሆይ ከጎኔ አልተቀመጡም፤ ሰላምታም አልላኩልዎም። በርጩማው አለ፤ ባዶ ነው። እሳቸው ቁስቋም ቤተ ክርስቲያን ግቢ ውስጥ ከመሪጌታ አጠገብ ናቸው፤ አርባቸው ገና አልወጣም። ስለዚህ ዝርዝርዎ ትክክል ሆኗልና ለማረም አይድከሙ። ቤቱን ማየት ቢያምርዎ ግን በሩ ክፍት ነው፤ ማሰሮውም በጥጉ አለ፣ አሸዋው ደርቋል። እኔ ባዶ ቦታ አይቼ ማለፍ ስለማልችል፣ እንደ ተማርሁት አድርጌ እማሆይን በርጩማው ላይ አስቀመጥኋቸው። በሕጉ መሠረት ከደብዳቤው ጥግ ላይ «ምናባዊ» ብዬ መጻፍ ነበረብኝ፤ ፋይል ውስጥ ሲያስገቡት ይበሱታል ብዬ ተውሁት።