እናታችን አሚን ያላለችበት ቀን

ለወንድሜ ለሙስዓብ፤

አሰላሙ ዐለይኩም ወረሕመቱላሂ ወበረካቱህ። ጤናህ እንዴት ነው? ብርድ ሲገባ የሚነሳብህ ሳል ናይሮቢ ላይ ተወህ ወይስ ተከትሎህ ሄደ? በደንብ ትበላለህ? ብትታመም በርህን የሚያንኳኳ ጎረቤት አለህ? እኛ አልሐምዱሊላህ አለን። እማ ስኳሯ ከፍ ዝቅ ቢልባትም በእግሯ ትሄዳለች። ሐይቁ ደህና ነው፤ መረብም ባዶውን አይመለስም። ደሴ ያሉት ሆቴሎች ከጦርነቱ በኋላ ተከፍተው ዓሣ ማዘዝ ስለጀመሩ ጠዋት ጠዋት በሚኒባስ እየጫንኩ እልካለሁ። ሰላምታዬ ከልቤ ነው። ከዚህ በታች ያለው ግን ንዴት ስለሆነ ቁጭ ብለህ አንብበው።

በስልክ ያልነገርኩህ ስልክም ጆሮ ስላለው ነው። ደብዳቤውን ሞያሌ ድረስ መኪና የሚነዳው ሾፌሩ ዝናቡ ይዞልሃል። አንብበህ አቃጥለው።

ባለፈው ‹‹ኡስማን ታላቃችን ነው፤ ታረቂው›› ብለህ ልከህብኛል። አልታረቀውም። ጋሼ ማለቱንም ትቻለሁ። የሠራውን ሳታውቅ ስለ እርቅ መናገርህ አናዶኛል። ዕለት ዕለት የመጻፍ ልማዴን ታውቃለህ፤ ይህንም የምነግርህ ያን ደብተሬን እያየሁ ስለሆነ በንዴት የጨመርኩበት የለም።

የቤታችን ነገር መቼም ለአንተ አይነገርም። አያታችን በጃንሆይ ጊዜ አጥቢያ ዳኛ፣ አባታችን በደርግ ጊዜ የገበሬ ማኅበር ሊቀመንበር፣ ኡስማን ደግሞ ዛሬ ውጫሌ ላይ ሹም። መንግሥት ይለወጣል፤ ከቤታችን ወንበር አይጠፋም። ለውጥ መጣ፣ ሁሉም ይናገር ሲባል አንተ እውነት መስሎህ ተናገርክ። ወንድ ወንድን፣ ሴት ሴትን ወደደ ተብሎ ሰው አይደብደብ፣ አይታሰር አልክ፤ አንተም ከእነሱ አንዱ መሆንህን አልደበቅህም፤ አገር ያስለቀቀህም ይኸው ነው። ያን ጊዜ ተቆጥቼህ ነበር። የገዛ ወንድሜን ነገር ከሬዲዮ መስማት አልነበረብኝም፤ ቀድመህ ለእኔ መንገር ነበረብህ። ይህ ቁጣ ዛሬም አልወጣልኝም። ከኡስማን ሥራ ጎን ሲቆም ግን ትንሽ ነው።

ጦርነቱ ሐይቅ ሲደርስ ሁላችንም የለበስነውን ይዘን አዲስ አበባ እንደገባን ታውቃለህ። ኡስማን ሹማምንት ወዳጆቹ ጋር ሲደውል ‹‹ነገ ደውል›› ይሉት ነበር። ነጋችን ግን ጓደኛህ ሕሊና ጋር ሆነ። አንተ ደውለህላት፣ አብራችሁ ለምትደክሙለት ነገር ስትል አይታን ለማታውቅ ለእኛ ሁለት ክፍል ቤቷን ለቀቀችልን። እሷ ማድ ቤት ወለል ላይ ተኛች። የእማን የስኳር መርፌ ከጎረቤት ፍሪጅ እያመላለሰች ሰዓቱን ጠብቃ ትሰጣት ነበር።

ይህን ግን አልነገረችህ ይሆናል። ክርስቲያን ናትና የእሷን ቤት ሥጋ እንደማንበላ ገባት። አንድም ቀን ሳታስጨንቀን፣ የከረምንበትን ጊዜ ሁሉ ዓሣ ሠራችልን። ዓሣ ቢስሚላህም በስመ አብም የሚባልበት ቢላዋ የለውም። አንጀቱን ማውጣት አታውቅም ነበር፤ እኔ አስተማርኳት። ከሁላችንም አብዝቶ የበላው ኡስማን ነው። የማን ጓደኛ እንደሆነች፣ እሷም እንዳንተ እንደሆነች ጠንቅቆ ያውቃል። ‹‹አላህ ይስጥሽ እህቴ፣ ውለታሽን በምን እንከፍለዋለን›› ይላት ነበር።

የከፈላትን ልንገርህ። መጋቢት ላይ ወደ ላይኛው ወንበር ሊሾም ነው ተባለ። ያንኑ ሰሞን አንተ የምትናገርበት ቪዲዮ ከስልክ ስልክ ሲዞር ከረመ፤ ወንበሩን የሚፈልጉት ሁሉ ‹‹ይሄ የማን ወንድም ነው?›› ማለት ጀመሩ። ኡስማን ስብሰባ ላይ ተነስቶ ‹‹እንዲህ ያለ ወንድም የለኝም። አዲስ አበባ የሚሰበሰቡበትን ቤት ሳይቀር አውቀዋለሁ፤ እጠቁማለሁ›› አለ። ጠቆመም። ሰዎች መጥተው የሕሊናን በር ሰበሩ። እሷ ያን ሰዓት ለቅሶ ሄዳ ነበርና ተረፈች፤ አከራይዋ ግን ዕቃዋን ደጅ አወጣው። ቤቱን እንዴት እንዳወቀው ከተሰብሳቢው የጠየቀው ሰው የለም። እኔ ልመልስ፤ ያወቀው ተኝቶበት ነው።

ይህም አልበቃውም። ሐይቅ መጥቶ ሬሳችንን የሚያነሳውን የቅሬ ማኅበር ሰበሰበ። ሸህ ኑርዬ ዱዓ አድርገው ከዘራችን እንዲያወጡህ ለመነ። ሸሁ እጃቸውን አነሱ፤ ሰዉ አሚን አለ። የእማ እጅ ከሻሿ ሥር አልወጣም። ሸሁ ‹‹ሐቢባ፣ አሚን በይ እንጂ›› አሏት። እማ ቀስ ብላ እንዲህ አለች፦ ‹‹የሙስዓብን ነገር አላህ ያውቀዋል፤ እኔ ፍርዱ ውስጥ አልገባም። ስሙን ያወጣሁለት በነቢዩ ባልደረባ፣ በሰሐባው ሙስዓብ ነው። ያን ሰሐባ ለምን ሰለምክ ብላ እናቱ አሰረችው፣ ከቤት አወጣችው፣ ሳትታረቀውም ቀረች። እኔ የዚያችን እናት ቦታ አልፈልግም።››

ሸሁ እጃቸውን አወረዱ። የእናት አሚን የሌለበት እርግማን አየር ላይ ይቀራል ብለው ጫማቸውን ፈለጉ። ኡስማን ‹‹በሰው ፊት አዋረድሽኝ›› ሲላት ‹‹ያንተን ውርደት ገና አልተናገርኩም›› አለችው። ያን ዕለት ማታ እኔን ጠርታ ‹‹ያችን ልጅ አምጪልኝ›› አለችኝ።

አመጣኋት። ሕሊና አሁን እማ ክፍል ነው የምትተኛው። ለጠየቀን ሁሉ በስደታችን ያስጠጋችን ልጅ ናት እንላለን፤ እውነት ስለሆነ ለመናገር አይከብድም።

ለዒድ ኡስማን ቤተሰቡን ይዞ መጣ። ሕሊና ዓሣውን ይዛ ስትገባ ሲያያት ቆሞ ቀረ። እማ ‹‹ተቀመጥ፤ እጇን ታውቀዋለህ›› አለችው። አልራበኝም አለ። ‹‹ያን ጊዜ ሁሉ ያላነቀህ ዓሣ፣ እሾሁ ዛሬ ታየህ?›› አለችው። ሴት ልጁ ኢልሀም ሮጣ ሕሊና ጭን ላይ ተቀመጠች። እሱ ወጥቶ መኪናው ውስጥ ጠበቃቸው። እኔም ተከትዬው ወጥቼ በመስኮቱ ‹‹አንዲት ቃል ከአፍህ ብትወጣ የማንን ቤት ዓሣ ስትበላ እንደከረምክ ውጫሌ ገበያ መሃል ቆሜ እናገራለሁ›› አልኩት። መስኮቱን ዘጋው።

እንግዲህ ነጋዴ ነኝና የነገሩን ዕድሜ አውቃለሁ። ይህ ማስፈራሪያ የሚይዘው እስኪሾም ድረስ ነው። ከተሾመ በኋላ ሰው የሚያምነው እሱን ነው እንጂ እኔን አይደለም። ስለዚህ ሕሊና የምትወጣበትን መንገድ አሁን ፈልግ። ለብዙ ሰው መብት እየተናገርክ ነው፤ መልካም፤ ከእነሱ አንዷ ግን እናትህ ፍራሽ ላይ ናት። በየሬዲዮው የሐይቅንም የእሷንም ስም አታንሳ። እኔንም ታረቂ አትበለኝ። የበር ሰባሪ መሪ ሆኖ እርቅ የሚመጣለት ሰው የለም።

እማ ሰላም ብላሃለች፤ ሳልህን በዝንጅብል ያዘው ብላለች። ኢልሀም ሳሚልኝ ብላኛለች፤ አባቷ አያውቅም። ሸህ ኑርዬም መንገድ ላይ አግኝተውኝ ‹‹ልጁ ደህና ነው?›› ብለዋል፤ ከዚህ በላይ አላሉም፤ እኔም አልጠበቅሁም። ከኡስማን የተላከ ሰላምታ የለም።

ሕሊና ሰላም ትልሃለች። ማታ እማ እጇን ዘርግታ ስምህን እየጠራች ዱዓ ስታደርግልህ ‹‹አሚን የሚለኝ ሰው ቤቴ ውስጥ አጣሁ›› ትል ነበር፤ እኔም በአንተ ተቀይሜ ዝም እል ነበር። አሁን ሕሊና አልጋው ጫፍ ላይ ተቀምጣ በእሷው አፍ አሜን ትላለች። ከትናንት ወዲያ እኔም አሚን አልኩ።

እህትህ ሙጂባ
ሐይቅ፣ ግንቦት 6 ቀን 2014 ዓ.ም.