የአምባሳደሩ ጉርሻ

ማክሰኞ፣ ነሐሴ 3፤ ወረታ

ጉድ ሠራሁ! የሩዝ ባለሙያ የላከልን ወዳጅ አገር አምባሳደር ዓርብ ይመጣሉ። ፕሮግራሙ ላይ «ከገበሬዎች ጋር የፍሪዳ ምሳ» ብዬ የጻፍኩት እኔው ነኝ። ቀኑ በነሱ አቆጣጠር ስለነበር ዓርብ፣ ያውም ፍልሰታ ላይ መዋሉን ልብ አላልኩም። እኔ፣ በድብቅ የምጾመው! የፕሮቶኮል ሹም ተብዬ።

ረቡዕ

የገበሬዎቹ ማኅበር ሊቀ መንበር አቶ ካሴ፣ «እናስተናግዳለን፤ አንበላም» አሉኝ። የወረዳው ካድሬ ደግሞ፣ «እንግዳውን እምቢ ያለ ፀረ አብዮት ነው፤ አስረዋለሁ» ይላል። ያደርገዋል።

አዲስ አበባ ደወልኩ። ምሳው በጾም ምግብ ይለወጥ? አለቃዬ ጮኸብኝ፦ «ፕሮግራሙ ለኤምባሲው በደብዳቤ ሄዷል። ሚኒስትሩ ሳይፈርሙ አንዲት ቃል አትነካም!» ሚኒስትሩ ውጭ አገር ናቸው።

ሐሙስ

ዝናብ። ሜዳው ባሕር ሆኗል። የጉማራ ወንዝ ሞልቶ መንገዱን ቢቆርጥልኝ ብዬ ተመኘሁ። አልቆረጠም፤ መኪኖቹ ነገ በሐሙሲት በኩል ይገባሉ።

ማታ ላይ አቶ ካሴ መጡ። «አንተ ልጅ፣ በኛ አገር ባለቤት ቆሞ ያስተናግዳል እንጂ ከእንግዳ ጋር አይቀመጥም በላቸው። ውሸት የለበትም።» ሳቅኩ። ሚኒስቴሩ እኚህን ሰውዬ አያውቃቸውም እንጂ! ካድሬውም፣ «እንግዳው ካልተቀየሙ ይሁን» አለ።

ዓርብ

ሰምሮ ነበር። ገበሬዎቹ ቆመው አስተናገዱ፤ አምባሳደሩም ባህሉን አደነቁ። ከዚያ ድንገት ብድግ አሉ። ጥብሱን በእንጀራ ጠቅልለው «ጉርሻ!» እያሉ ወደ አቶ ካሴ ሄዱ። ወይኔ! «ጉርሻ የወዳጅነት ምልክት ነው፤ እምቢ አይባልም» ብዬ በጽሑፍ ያስረዳኋቸው እኔ ነኝ።

ካድሬው አፈጠጠ። አቶ ካሴ ከንፈራቸውን ገጥመው ቆሙ።

መሀል ገብቼ አፌን ከፈትኩ። ጎረስኩት። በግድ ዋጥኩት። አምባሳደሩ ከት ብለው ሳቁ፣ ሰውም አጨበጨበ። ካድሬው ግን ደብተሩን አውጥቶ ስሜን ጻፈ።

ቅዳሜ

አለቃዬ ደወለ። «ለሊቀ መንበሩ በተዘረጋ ጉርሻ አንተ ምን ጥልቅ አደረገህ? ሰኞ ከነሪፖርትህ ቢሮዬ እንድትገኝ!» ምን ብዬ ልጻፍ? ጾም ላስጠብቅ ብዬ ነው ልበል?

አቶ ካሴ ሊሰናበቱኝ መጡ። መጾሜን እንዴት እንዳወቁ እንጃ። «የንስሐ አባቴን ጠየቅኩልህ፤ መቶ ስግደት አሉ። ሃምሳው የኔ ነው» አሉኝ። በእድሜያቸው፣ በዚያ ጉልበት! አይሆንም ብል አልሰሙኝም።

ከሄዱ በኋላ አለቀስኩ። ሪፖርቱን አልጀመርኩትም።